ዝልዝል

ሐሙስ ከሰዓት፣ ቂርያት ጋት፣ ሦስተኛ ፎቅ።
አያ ሙጬ ቢላውን ከፎጣው ፈታ።
ለወንድሜ ነበር ታስቦ የኖረው፤
ወንድሜ ግን ሥጋ ከተወ ዓመት አለፈው፣
ሽምብራ ነው የሚበላው፣ ምስርና ለውዝ።
«ጾም ነው?» ብሎት ነበር ሽማግሌው ያኔ።
«አይደለም፣ አያ።»
«እንግዲያ መቼ ነው የሚፈታው?»
ከዚያ ወዲህ አልጠየቀውም።

እና እኔ ቆምኩ ከገበታው ፊት።
ሴት ልጅ ከእርድ እንዳትጠጋ
አምቦበር ላይ ተነግሮት ያደገ ሰው
ቢላውን በእጀታው በኩል ሰጠኝ፣
ፊቱን ወደ መስኮቱ አዙሮ።

ከሞሻቩ በሬ፣ ለስምንት ቤት ከተቃረጥነው፣
ለእኛ የደረሰን ጭን ነው።
«መጀመሪያ ሹልዳውን።»
ዓይኑን ሞራ ጋርዶታል፤ በጣቱ ነው የሚያይ።
«እዚህ ጋ። ነጭ ነው። አትቁረጪው፣ ከነሥሩ ሳቢው።
ያዕቆብ ያነከሰበት ነው፤ እኛ አንበላውም።»
ሱቅ የሚሸጠው ወጥቶለት ይመጣል አልኩት።
«ማን አወጣው? እጁን አውቀዋለሁ?»

ቀጥሎ ዝልዘላው፦
ሥጋውን በሁለት ጣት ወጥሮ፣
ጫፍ ደርሶ፣ ሳይበጥሱ መመለስ፣
እንደ በሬ በትልሙ ዳር።
ስሄድ ተበጠሰ።
ስመለስ ተበጠሰ።
«ድምፁን ስሚ» ይለኛል።
ከታች የአውቶቡስ ፍሬን፣ ከጎን የሰው ቴሌቪዥን፤
ሥጋ ደግሞ ምን ድምፅ አለው?
እጄን በእጁ ያዘ።
ያ ሾርባ የሚደፋ፣ ቁልፍ መቆለፍ ያቃተው እጅ
ቢላ ሲነካ ቀጥ አለ።
ያኔ ሰማሁት፤
እርጥብ ወረቀት ከወረቀት ሲላቀቅ
የሚያሰማው ዓይነት፣
እሱም ካዳመጡት ነው።

ጨው፣ በርበሬ፣ ትንሽ ኮረሪማ።
ከልብስ ማስጫው ገመድ፣ ከወታደር ሸሚዜ ጎን ሰቀልነው።
የላይኛዋ ሴትዮ አንገቷን አስግጋ
በሩሲያኛ የሆነ ነገር አለች፤
አያ በአማርኛ መለሰላት፣
ሐምሲን ሊነሣ ነው፣ ቶሎ ይደርቃል፣ አትስጊ ብሎ።
መስኮቷን ዘጋች። እሱ የተግባቡ መስሎታል።

ማታ ወንድሜ መጣ፣ ወንበር ስቦ ከበረንዳው ተቀመጠ፣
ነጠላ ጫማውን ለድመት በእጁ ይዞ።
«አልበላም።»
«ማን ብላ አለህ? ቁጠርልን።»
ቆጠረ። አርባ ሦስት፣
አብዛኛው ጣት የማያክል፣ የኔ።
አንዱ ግን፣ የመጨረሻው፣
ከገመዱ ወርዶ፣ የብረቱን አጥር አልፎ
የሁለተኛ ፎቆቹን መስኮት ሊያንኳኳ
ትንሽ ነበር የቀረው።