ልዩ ልዩ

ታርቱ ከተማ፣ ወንዙ ዳር፣ ሦስተኛ ፎቅ፣
ምድጃው ጭስ እንጂ ሙቀት የማያውቅ፤
የአንዲት ትንሽ አገር ነገሯን በሙሉ
ሊከትብ ነው መጽሐፉ፣ በየፊደሉ።
ስድስት ነን። ቀለማችን ክረምት ላይ ይረጋል፤
ጠዋት ጠዋት ጠርሙሱን ብብት ያሞቀዋል።

አለቃችን ሳልሜ ካርና፣ መነጽሯ በክር የታሰረ፤
ከጠረጴዛዋ ግርጌ አንድ መሳቢያ ነበረ፣
“ልዩ ልዩ” የሚል ወረቀት የተለጠፈበት፣
ቤት ያጣ እውነት ሁሉ የሚያድርበት።
የደወሉን ገመድ የበላው ፍየል እዚያ፣
ቀኝ እግሩ ከግራው የሚያንስ ከንቲባ እዚያ፣
ዓሣ ሲያይ የሚያስመልሰው የመርከብ አዛዥ እዚያ፣
ዝናብ እንዳሰባሰባቸው መንገደኞች፣ በአንድ መጠለያ።

እኔ አዲስ ነኝ፤ ችኩል ነኝ፤ እንዲህ አልኳት አንድ ቀን፦
“በየጽሑፉ ጅራት ለምን አንደረድረውም፣ ነጥብ ነጥብ አድርገን?
አንባቢ ይወደዋል።”
ሳልሜ ሻይዋን አኖረች።
“መደርደር መጻፍ መሰለህ?” አለች።
“እንግዳ ሲደርስበት ኮተቱን ከአልጋ ሥር የሚወትፍ
ሰው ነው እንዲህ የሚጽፍ።
እውነት ነው? ይሁና! ድንጋይም እውነት ነው፤
ግድግዳ ካልገባ መንገድ ላይ እንቅፋት ነው።
ወይ ቦታ ፈልግለት፣ ወይ በክብር ሸኘው።
ደግሞ ምስክር ሁለት! አንድ ሰው ብቻ ያየው ነገር
ለእራት ወግ ያምራል፤ ከመጽሐፍ ግን ይቅር።”

“ሎ” ላይ ደረስን። ታኔል ሎህሙስ፣ መሐንዲስ፣ ድልድይ ገንቢ፤
ልደቱ፣ ሞቱ፣ የብረቱ ሚዛን፣ የድንጋዩ አቅራቢ።
የውሻው ስም “ቅዳሜ”፤ ሒሳብ ሲሠራ ያፏጫል፤
አንድ ብጣሽ ደግሞ፣ በእርሳስ፣ እንዲህ ይላል፦
“በሠራው ድልድይ ላይ አንድ ቀን አልተሻገረም።”
ሣቅሁ። ወደ መሳቢያው ልወረውር ስል እጄ አልደረሰም፤
ሳልሜ ያዘችኝ።
“ጠይቅ” አለችኝ።

ጠየቅሁ። ሰባት ደብዳቤ። ወንዙ ላይ በረዶው ሲሰነጠቅ
ገና መልስ ስጠብቅ።
በመጨረሻ ከፔርኑ መጣ፣ የጀልባ ቀዛፊው ልጅ የጻፈችው፣
ከአባቷ ደብተር ጋር፣ ጠርዙን እርጥበት የበላው፦
ሎህሙስ፣ ሁለት ሳንቲም።
በማግስቱም፦ ሎህሙስ፣ ሁለት ሳንቲም።
አሥራ አንድ ዓመት፣ እሑድና የበረዶውን ወራት ሳንደምር፣
ድልድዩ ከራሱ በላይ፣ እሱ ከታች፣ ባርኔጣውን ጉልበቱ ላይ አኑሮ ሲሻገር።

ሁለተኛው ምስክር አሮጌ ጋዜጣ ነው፣ ሦስት መስመር፦
የሎህሙስ የበኩር ድልድይ ወድቋል፤
አንድ ሰው ሞቷል፤
ሟቹ የመሐንዲሱ ታናሽ ወንድም ነበር።

ምክንያቱን ልጽፍ ስል፣ ብዕሬን ስነክር፣
“ተው” አለች ሳልሜ፣ “የልቡን ለአንተ ማን ነገረህ?
ሁለቱን አጠገብ ለአጠገብ አኑር፤
አንባቢው ራሱ ይሻገር።”

ብጣሹም ጅራት ላይ አልቀረም፤ መኻል ገብቶ ቆመ፣
እንደ ድልድይ እግር ጽሑፉን ተሸከመ።
ፉጨቱ ተሸኘ። ውሻው ቅዳሜም ቀረ። ሦስት ቀን አኮረፍኩ።
(እውነቱን ለመናገር፣ እስካሁን አልተውኩ።)

ሳልሜ ያረፈችው የ“ሎ” ጥራዝ ማተሚያ ቤት ሳለ።
የ“ካ” ከወጣ ቆይቷል፤ ካርና የሚል አርእስት የለ።
ስኳሯን ለሁለት ሰብራ ግማሹን ትከት ነበር ከኪሷ፤
ለማን እንደሆነ የምታውቀው እሷ።
ቦታ ፈለግሁለት። ልደት? ሥራ? ሞት?
የትም አልገባ አለኝ፤ የትም አጣሁለት።
ወለል የምትጠርገውን ሴትዮ ጠየቅሁ፤
“ስኳር? አላየሁም” አለች።
መሳቢያውን ከፈትኩ፤ ዘጋሁ።

ያየሁት እኔ ነኝ። እኔ ብቻ ነኝ።
አንድ ሰው ደግሞ፣ በእሷ ደንብ፣
አይበቃም።