የሞተር ክፍል መዝገብ

እሑድ። አንድ ሺህ አራት መቶ ሠላሳ ስድስት ግራም።
አልበላም።

በኬሚ ባሕሩ ተቆልፏል፤
ወደቡ ድንጋይ ሆኗል፣ ማዕበሉ አርፏል።
ሠላሳ ዓመት በበረዶ ሰባሪ መርከብ ሆድ ውስጥ
ሞተር ሳስታምም ኖሬ፣ ግፊት ሳይ፣ ዘይት ስለውጥ፣
ዛሬ ጡረታ ወጥቼ፣ ሳሎኔ ጥግ ቆሞ
አንድ የመስታወት ሣጥን፤ በውስጡ ተጋድሞ
አንድ ዘንዶ።

ዘንዶ ሲባል ተራራ የሚውጥ አይምሰላችሁ፤
ጡጫ ነው፤ ሲፈራ ራሱን መሃል ሸሽጎ ይጠቀለላል ፊታችሁ።
ልጄ አርቮ ነው ያመጣው፣ «ሦስት ሳምንት ያዝልኝ» ብሎ፤
ወደ ደቡብ ሄደ፣ ወደ ዘይት ማውጫው፣ ሻንጣውን አንጠልጥሎ።
ይኸው አሥራ አንደኛ የበረዶ ክረምት።
ስሙን ናሩ ብሎታል፤ በእኛ አፍ ሲጠሩት
ገመድ ማለት።

ሞቃቱ ጥግ ሠላሳ ሁለት፣ ቀዝቃዛው ሃያ ስድስት፤
አይጡ ከበረዶ ወጥቶ ይሟሟ፣ ለብ ባለ ውሃ፣ ለሰዓት።
ማቀዝቀዣዬን እንግዳ እንዲከፍተው አልፈቅድም፤
ከእንጆሪው ከረጢት ሥር ያለውን ሁሉም ሰው አይወድም።
በመቆንጠጫ ይዤ አወዛውዛለሁ፣ በሕይወት ያለ አስመስዬ፤
ምላሱን ያወጣል፣ ያሸታል፣ ይመለሳል። «እሺ» እላለሁ፣ «ጌታዬ።»

እሑድ። አንድ ሺህ አራት መቶ ሃያ። አልበላም።
በአሮጌው የሞተር ክፍል መዝገብ ነው የምጽፈው፤
ዓምዱ «የነዳጅ ፍጆታ» ይላል፤ አልሰረዝሁም።

ሠላሳ ዓመት ይኖራል ይላል መጽሐፉ።
እኔ ሰባ አንድ ነኝ።
ሒሳቡን አንዴ ሠርቼ ገጹን ዘጋሁት።

ጎረቤቴ ኬርቱ ደጅ ቆማ ነው የምታወራኝ፤
«እባብ ካለበት ቤት እግሬን አላስገባም፣ በቃ፣ ተወኝ።»
እውነት አላት፤ ሰው ሁሉ ከልጥ በሚደነግጥበት ዓለም
እኔም ያመንሁት ውዬ አድሬ ነው፣ በአንድ ቀን አይደለም።

ጥር ሲጋመስ በረዶው ሽቦው ላይ ተከመረ፤
ከሌሊቱ ስምንት ሰዓት መብራቱ ተሰወረ።
ሠላሳ። ሃያ ስድስት። ሃያ ሦስት።
የሞተር ሰው ያውቃታል፣ መርፌ ዝቅ ስትል ሆድ የምትገባዋን ፍርሃት።
ሸሚዜን ፈታሁ። ከሣጥኑ አውጥቼ ደረቴ ላይ አኖርሁት፤
እንደ ወንዝ ድንጋይ ይበርዳል። በካፖርት፣ በብርድ ልብስ ሸፈንሁት።
ቀስ ብሎ ተፈታ፤ ጎኔን በምላሱ ቃኘ፤
ዞረ፣ ዞረና ከብብቴ ሥር የፈለገውን አገኘ።
ወደደኝ አልልም። ሙቀት ነበርሁ፣ ያ ብቻ።
አርቮም ሕፃን ሳለ፣ ትኩሳት ይዞት፣
እዚሁ ደረት ላይ ተኝቷል፣ አንድ ሌሊት ብቻ፤
የቀረውን ሌሊት ሁሉ እኔ ባሕር ላይ ነበርሁ።

በሩ ተንኳኳ። ኬርቱ ናት፣ ሻማ በአንድ እጇ፣
በሌላው የሙቅ ውሃ ከረጢት፣ ከእንጨት ምድጃዋ።
ሸሚዜ ሥር ያለውን እብጠት አየች። ወደ ኋላ አላለችም።
«በራሱ በኩል ላድርገው ወይስ በእግሩ?» አለች።
እግር የለውም አላልኋትም።
እስኪነጋ ተቀመጥን፣ ውሃ እያፈላን፣ እየቀየርን፣
ስለ ዓሣ ዋጋ፣ ስለ ሟች ባሏ ማንኮራፋት፣ ስለማይረባ ነገር እያወራን።

ረፋድ ላይ መብራቱ መጣ። እሱ አሁንም አልበላም።
ሳምንት ሳይሞላ ዓይኑ ጢስ ለበሰ፤ ከዚያ ቆዳውን ጣለ፣ እንደ ካልሲ ገልብጦ፤
ወደ መስኮቱ አንሥቼ አየሁት፤ የዓይኑ ሽፋን እንኳ አልቀረም ተቆርጦ።

መጋቢት፣ ማክሰኞ፣ መቆንጠጫው እጄ ላይ መሆኑን ረስቼ፣
ጧ! እንደተፈታ ሞላ ተወርውሮ ነጠቀኝ፤
ደነገጥሁ፤ ሳቅሁ፣ ወለሉ ላይ ተዘርግቼ።

በሳምንቱ አርቮ ደወለ። ስለ አየሩ ጠየቀኝ። ስለ ጉልበቴ።
ዝም አለ። ከዚያ፦ «ያ... ገመዱ፣ አለ እንዴ፣ አባቴ?»
መዝገቡን ገለጥሁ፤ መነጽሬን ፈለግሁ።
«አንድ ሺህ ሦስት መቶ ዘጠና ስምንት ግራም» አልሁ።