ቤት ሲመታ

ካሴቱ ስም የለው፣ ሽፋን የለው፣ መልክ የለው፣
«ቁጥር ሁለት» ብሎ በቀይ እስክሪብቶ የጻፈበት ማነው?
አበጋዝ ነው ያመጣው፣ ከአሰብ፣ ከጨው ጭነት መሀል፤
«መርከበኛ ነው በሲጋራ የለወጠኝ» ይላል።
ስሙን ስንጠይቀው «ሃውስ» አለን፣ «ቤት ማለት»፤
ሙሄ ሬዲዮ ጠጋኙ ሳቀ፤ «ክፈቱልን፣ እንግባበት።»

ሰማንያ አንድ ክረምት። ኮምቦልቻ ሰዓት እላፊ ላይ፣
ውሻ እንኳ ሊጮህ ሲል ግራ ቀኙን የሚያይ።
ሙሄ ድምፅ ማጉያው ላይ ብርድ ልብስ ጣለበት፣
በብርድ ልብሱ ላይ ጋቢ፣ በጋቢው ላይ ትራስ ጨመረበት።
ቀጫጭኑ ድምፅ ሁሉ እዚያው ታፍኖ ቀረ፤
ሴትዮዋ፣ ፒያኖው፣ ጭብጨባው፣ ሁሉም ተቀበረ።
ወፍራሙ ብቻ መሬት ለመሬት ሄዶ
በተረከዛችን ገባ፣ እንደ ቤተኛ ለምዶ።
ጥልቅ ያደረገው ጋቢው ነው ብዬ ስንት ዘመን አመንኩ፤
የሚያውቅ ሰው ባገኝም አልጠየቅኩ።

እኔ የጨርቃ ጨርቅ ነኝ፣ ሽመና ክፍል፣ የሌሊት ፈረቃ፣
ጆሮዬን ለማሽን ያከራየሁ፤ ኪራዩን የበላው አለቃ።
ማሽኑ አራት አራት ይመታል፣ ክር ከተበጠሰ ቅጣት አለ፤
ይሄም ያው አራት ነው፤ ግን ማንንም «ነይ ድረሺ» አላለ።
መዳፌን ጋቢው ላይ አኖርኩ።
ጆሮዬ የተወውን እጄ ለቀመ።
«ቃል የሌለው ግጥም ነው፣ ቤት ብቻ የሚመታ»፤
እንዲህ አለ ሙሄ፣ ግጥም የማይወድ ሰው፣ ያን ማታ።

እኩለ ሌሊት ሲሆን የዱላ ኮቴ መጣ።
ይመር ነው፣ የቀበሌው ጥበቃ።
ሙሄ ማጥፊያውን ተጫነ።
አበጋዝ የክብሪት እንጨት ነከሰ።
ዝም አልን።

ውጭ፣ የድንጋዩ ደፍ ላይ፣
ድም፣
ድም፣
ድም፣
ድም።
ዱላው እኛ ካቆምንበት ቀጠለ።
አልፈጠነ፣ አልዘገየ።
አላንኳኳም። አልተጣራም።
እየመታ ወደ ቦርከና ወረደ፤
ድልድዩን እስኪያልፍ ቆጠርነው።

ካሴቱ ተላጠ። ሙሄን ስኳር፣ አበጋዝን የሚሌ መንገድ ወሰደው።
የኔ ማሽን ተፈትቶ በኪሎ ተሸጠ።
ይመርን ስለዚያ ሌሊት ጠይቄው አላውቅም፤
ገበያ ስንገናኝ ግን ሁለታችንም ወደ ዱላው እናይ ነበር።

ባለፈው ማክሰኞ ከደሴ ስወርድ፣
ሐረጎ ጠመዝማዛው ላይ
ጭጋግ ሚኒባሱን ጋቢ አለበሰው።
ረዳቱ ከስልኩ የሆነ ነገር ከፈተ፤
በወንበሩ ብረት ዞሮ አከርካሪዬን ገባበት።
«ምንድነው ልጄ?»
«አያውቁትም እማማ፤ የድሮ ሃውስ ነው።»

የድሮ ቤት።
አንድ ክፍል ናት፣ የጭቃ ግድግዳ፣
ቆርቆሮዋ ከአልጋው በላይ ያፈስ ነበር፣
ኪራይዋ ስምንት ብር፣
ደፏ ላይ የዱላ ጠባሳ።
አልነገርኩትም።
ጣቴ ብቻ መስታወቱን መታ፣ መታ፣ መታ፤
«ወራጅ አለ?» አለ ልጁ።
የለም።
ንዳው።