ሰባት ትውልድ

ይኸው መጣ ነስሩ፣ ዛሬም አስከትሎ፣
ባርኔጣ የደፉ ስድስት እንግዶችን
በድሬ ፀሐይ ላይ አገላብጦ አብስሎ።
ከከዚራ ጥላ መንጭቆ አውጥቷቸው፣
በደቻቱ ድልድይ በእግር አሻግሯቸው፣
በከፊራ ቅስት ሥር ጎንበስ በሉ አላቸው።
(ቅስቱ ሦስት ክንድ ያህል ይርቃል ከራሳቸው።)

ከገጠር በሌሊት ሽንኩርት ይዘው የወረዱ
ሴቶች፣ ጆንያ እየጎተቱ ጥላ ሲያሳድዱ፣
«የገበያ ውዝዋዜ ነው» አለ ለእንግዳ፤
ሽንኩርቱ እንዳይበሰብስ መሆኑን ማን ያስረዳ።
ሚጥሚጣ ላስነጠሰው «ይማርህ» እያለ፣
ግመል ያስደነገጣትን እያባበለ፣
የሐብሐብ ነጋዴውን ከእንቅልፉ ቀስቅሶ፣
ወተት በጣሳ አስቀምሶ፣
ሃለዋ ቆራርሶ፣
ደረሰ እኔ ዘንድ፣ ሁሉን አዳርሶ።

ይህን ልጅ አውቀዋለሁ፣ ሎሚ ሲሸጥ ሳለ፣
በሱማሊኛ ምሎ፣ በኦሮምኛ ተከራክሮ፣
በአማርኛ እያታለለ፤
አሁን አራተኛ ቋንቋ በላዩ ላይ አከለ።

እኔ ባጅያ ጠባሽ፣ እቴነሽ እባላለሁ፣
ከሚንጫጫ ዘይት ጋር ስሟገት እውላለሁ።
ነስሩ ግን ሌላ ስም አውጥቶልኛል፣
«እማማ ሰባት ትውልድ» ብሎ ይጠራኛል።
«ይህ ባጅያ» ይላል፣ እጁ እየጨፈረ፣
«ከባሕር ማዶ መጥቶ፣ በግመል የተሻገረ፣
እናት ለልጇ ስትሰጥ፣ ልጅም ለልጇ፣
ሰባት እናት ቆጥሮ ነው የገባው ከእጇ!»

ይጽፋሉ። ይገረማሉ።
አንደኛው እኔን ትቶ ድስቴን ብቻ አነሳት፣
ጥቀርሻዋን አይቶ ጥንታዊ አስመሰላት፤
አምና ነው ከታይዋን በቅናሽ የገዛኋት።

ዝም እላለሁ እኔ። ምን አገባኝ አቦ!
ትውልዱ ሲረዝም ሰዉ ይቆማል ከብቦ፤
ትሪዬ ባዶ ነው፣ ቀትር ሳይሆን ገና፤
ውሸቱ የእሱ ነው፣ ዘይቱ የእኔ ነውና።

ዛሬ ግን አንዲቷ፣
አንገቷን ፀሐይ የላጣት፣
ካሜራዋን ከደነች። አጠገቤ ቁጢጥ አለች።
በነስሩ አፍ ጠየቀች፦
«ማን ነው ያስተማረሽ?»

ሰባቱ ትውልድ ሁሉ ምላሴ ጫፍ መጡ።
ግን እኔ የለመድኩት «ስንት ነው?» የሚለውን፤
«ማን?» የሚል ደንበኛ መች ገጥሞኝ ያውቃል?
ሳላስበው አመለጠኝ፦

«ባሌ ሼሚኖ ነበር፣ ፍሬን ያዥ።
ባቡሩ ሲቆም እሱም ቆመ።
ስንት ወር ግድግዳ ላይ እንዳፈጠጠ።
እኔ ጓዳ ገብቼ አለቅስ ነበር።
ደሀቦ ሰማችኝ፣ ከቆርቆሮው ማዶ።
ዝፍዝፍ አተር በሳህን፣ ሙቀጫ በብብቷ፣
‹አቦ ተነሽ!› አለች። ‹እንባ አይጠብስም። ዘይት አምጪ።›
ሦስት ቀን ነው የተማርኩት።
የመጀመሪያውን ቀን ዶሮ እንኳ አልበላውም።
ከዚያ ልጇ ጋ ጅቡቲ ሄደች፣
ሙቀጫዋን ትታልኝ። ይኸው፣ ይሄ ነው።»

ነስሩ አልተረጎመም ቶሎ።
አንድ ቃሌን አሥር አድርጎ የሚያወራ ልጅ
ይህን ሁሉ ነግሬው፣
ሁለት ቃል፣ ምናልባት ሦስት፣ አላት ጎንበስ ብሎ።
ምን እንዳላት እንጃ።
ልጅቷ ሙቀጫውን በጣቷ ነካችው።
በምልክት «ጨምሪልኝ» አለች፣
ከቆጭቆጫው ጋር።

ማታ ተመለሰ፣ ብቻውን፣ ድምፁ ሰልሎ፣
ስብርባሪ ሊለቅም፣ በርጩማዬን ስቦ።
«እማማ፣ ለነገዎቹ የቱን ልንገራቸው?»

«ሰባቱን» አልኩት፣ ድስቴን እየፈገፈግኩ፣
«ሦስት ቀን አይሸጥም፤ ማን ይከፍልበታል?
ሰባቱን ንገራቸው፣ አፍህ ያውቅበታል።
ብቻ ስትቆጥራቸው፣ አንዷ ጋ ስትደርስ፣
ሦስተኛም ትሁን አምስተኛ፣ እንደፈለግክ፣
ስሟን ደሀቦ በላት።»