አትደምረው

በራችን ላይ ቆሟል አንድ ረጅም ሰሌዳ፣
ግማሹን ፀሐይ ልሳው፣ ግማሹ ገና እንግዳ፦
«ኢድሪስና ልጆቹ የዶሮ እርባታና የእርሻ ውጤቶች
ኃላፊነቱ የተወሰነ የግል ማኅበር»።
ሠዓሊው ቦታ አልቆበት ጫፍ ላይ ሲቸገር
የመጨረሻዋን ቃል ጨማምቆ ጻፋት፤
አባቴ ትክ ብሎ አያትና፣ «ምን ይደረግ፣ ጫጩት ናት፣
ታድጋለች» አላት።

አባቴ ባቡር ላይ ፍሬን ያዥ ነበረ።
ሐዲዱ ዝም ሲል እሱም ዝም ብሎ ኖረ።
የሚያቆመው ሲያጣ፣ ግቢ ውስጥ ያገኘውን ያስቆም ጀመር፣
እኛን፣ ድመቷን፣ የጎረቤት ፍየል፣ የጀመርነውን ነገር።
እናቴ ሙንተሃ አንድ ቀን አምባሯን አወለቀች፤
«ሂድ፣ የሚጮህ ነገር ግዛ፣ ይህ ቤት ታፈነ» አለች።
አርባ ጫጩት ይዞ መጣ በብስኩት ካርቶን፤
ያን ሌሊት ሳሎናችን የባቡር ጣቢያ ሲሆን
ከስንት ዘመን በኋላ አባቴ ሲስቅ ሰማሁ።

አርባው አራት መቶ፣ አራት መቶው አራት ሺህ።
ረመዳን ወንድሜ በቆሎና ፋጉሎ ይመጥናል፣
ኩሱ እንኳን በጆንያ ለፓፓያ ገበሬ ይሸጣል፤
እንቁላሉ ለቀፊራ፣ የተረፈው ለሐረር፣
አይሱዙዋችን ደንገጎ ላይ ዳገቱን ስትማረር።
እኔ መዝገብ ያዥ ነኝ፤ ገቢ በግራ፣ ወጪ በቀኝ፣
የተሰበረው እንቁላል ሌሊት በሕልሜ የሚቆጥረኝ።

የዚያ ሰኔ ሌሊት። ንፋስ የለ፣ ቅጠል አይነቃነቅ፤
መብራት ሄደ። ጀነሬተሩም ሁለቴ አነጠሰ፣ ድርቅ።
ማራገቢያዎቹ ቀስ፣ ቀስ፣
ቀስ…
ዶሮ ሲሞቃት አትጮህም፤
ክንፏን ከጎኗ ታርቃለች፣ ምንቃሯን ከፍታ ትቆማለች፣
ሊናገር መጥቶ ነገሩ እንደ ጠፋበት ሰው ታያለች።
አራት ሺህ ምንቃር። አንድም ድምፅ የለም።

አባቴ በሽርጡ ወጣ። ፊሽካውን ነፋ፣
ያን የሐዲድ ፊሽካ፣ ዓመታት ያንቀላፋ።
ደጅ አልጋ ዘርግቶ የተኛው የሳቢያን ሰው ነቃ፤
«አቦ፣ ባቡር መጣ እንዴ?» ያለም አለ፣ በበቃ።
ጫት ሻጯ መዲና የነገ ሸቀጧን መሬት ዘረገፈች፣
የሸፈነችበትን እርጥብ ጆንያ ተሸክማ በረረች።
ያሬድ ባለ ለስላሳው በረዶውን ጭኖ ጋሪ ላይ፣
በያጁ ተክለማርያም ጣሪያችን ላይ፣ ቆርቆሮ ገንጣይ፤
ሆዳን አምስት ልጆቿን ደርድራ ከቦኖው እስከ ደጅ፣
ጀሪካኑ በጨለማ ይሄዳል ከእጅ ወደ እጅ።

ሲነጋ ቆጠርኩ። ሦስት መቶ አሥራ አንድ።
የቀሩት ጆንያ ሥር ቆመው ውሃ ይጠጣሉ።
አባቴ ብር ይዞ በየደጁ ዞረ፤ ማንም አልተቀበለው።
መዲናማ፣ «ጫቱን ፍየሌ ናት የበላችው፣
እሷን ጠይቃት፣ እስካሁን አልተኛችም» አለችው።

ተመልሶ መዝገቤን ወሰደ፣ ሦስተኛ ዓምድ አሰመረ፤
ከገቢም ከወጪም ውጭ፣ ስም ብቻ ደረደረ፦
መዲና፣ ጆንያ። ያሬድ፣ በረዶ።
ተክለማርያም፣ ጣሪያ። ሆዳን፣ አምስት ልጆች።
ከሁሉም በላይ፣ ቦታ በሌለበት ጠርዝ፣
ጨማምቆ ያስገባት አንዲት ቀጭን ጽሑፍ፦
ሙንተሃ፣ አምባር።

ዘንድሮ ስለ ብድሩ ከባንክ አንድ ልጅ መጣ፣
ክራባቱን እንዳሰረ፣ በድሬ ሐሩር የተቀጣ።
ገጽ ሲገልጥ፣ ሲገልጥ፣ ጣቱ እዚያ ጋ ቆመ፤
«ይሄ ዓምድ ቁጥር የለውም» አለ፣ ደጋገመ፣
«ዕዳ ነው? ሀብት ነው? ስንት ብዬ ልያዘው?»
አባቴ መዳፉን ገጹ ላይ ጫነ፣
ቀስ ብሎ፣ ፍሬን እንደሚይዝ ሰው፤
«እሱን» አለ፣ «አትደምረው።»

ብድሩ ሦስት ወር ዘገየ።
የአዲሱን አዳራሽ ብረት ተክለማርያም በዱቤ በየደልን።
መዝገቡን ስከፍት ከበላዬ ቆሞ አየኝ፣
«ይሄን ግን» አለ፣ «በቁጥር ጻፊልኝ።»