ኤግዚቢት ቁጥር ሦስት

ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲደበድብ ውሎ
ዳኛው «ጮክ በይ» አሏት፣ ድምጿ ቢጠፋ ሰልሎ።
የፍኖተ ሰላም ከፍተኛ ፍርድ ቤት፣
የሰኔ ማክሰኞ፣ ሁለተኛ ችሎት፤
እኔ ጸሐፊው ነኝ፣ ቅኔ ጀምሬ የተውሁ፣
የሰው ቃል በደሞዝ ስለቅም የኖርሁ።

«ስም?»
«አንጓች አንማው።»
«ሥራሽ?»
«ጥጥ እፈትላለሁ።»
«ሟችን ታውቂው ነበር?»
ዝም። ከዚያ፦ «አውቀዋለሁ።»

ዐቃቤ ሕግ ቆመ፣ ኮቱን አስተካክሎ፦
«ሟች ልየው ተገኘ ላህ ዳር ተንጋልሎ፣
ራሱ ውሃ ውስጥ፣ እግሩ ከደረቁ፣
የመስኖው ሞተርም ሲያጓራ ከሩቁ፤
ዋና ይችል ነበር፣ ይላሉ የሚያውቁ።
ዳሩ ላይ፣ ድንጋይ ሥር፣ በሦስት የታጠፈ፣
ዘርፉ ወደ ውስጥ የገባ፣ ጥለቱ የጎደፈ
ይህ ነጠላ ነበር። የማን እጅ? ሰፈሩ
ፈትሏን ያውቀዋል።» ሰዎች ተነጋገሩ።

ኤግዚቢት ቁጥር ሦስት ተዘርግቶ ወጣ።
ያኔ ነው የአንጓች ፊት መልኩ የገረጣ።
«ይህን» አለች «ይህን… ፈትዬ ሰጠሁት፣
ስድስት ዓመት ሆነው፣ ለሠርጋችን ያልሁት።
ሌላ ሲያጩለት ግን፣ ማልጄ ተነሥቼ
‹አቃጥለው በይልኝ› አልሁ እህቱን ጠርቼ።
‹አቃጠልሁት› አለኝ። አመንሁት። ስድስት ክረምት
አመዱን ሳስብ ኖርሁ። ለካ ዋሽቶኝ ነው፣ ክቡር ፍርድ ቤት።»

ጠበቃዋ ዝም አለ። ዐቃቤ ሕጉም ዝም።
ዳኛው «ይህ» አሉ «ጥያቄውን አይመልስም።
ያን ሌሊት ላህ ወንዝ ምን አወረደሽ?» አሏት።
«ላህ» አለች «ክቡርነትዎ፣ ዛሬ ነው የወረድሁት።»

እጄ ቆመ። የኔታ ትዝ አሉኝ፣ ከወይራው ሥር፦
«ላሕ በግዕዝ ኀዘን ነው፤ ሰሙን ግፈፍና መርምር።»
ግዕዝ የት ታውቃለች? እንዲያው አፏ ጣለው።
መዝገቡ ሰም ያዘ፤ ወርቁን የት ላውለው?

ከሰዓት ተነበበ። «ማስረጃው ስላልበቃ
በነጻ ትሰናበት።» ቆማ ቀረች ደርቃ።
«ነጠላውን ለእኔ…»
«አይሆንም» አሉ ዳኛው፣
«የሟች ንብረት ነው፤ ሚስቱ ትረከበው።»

ከኋላ ተነሣች ጥቁር የለበሰች፣
ትሁኔ፣ ሚስቲቱ። በአውራ ጣት ፈረመች።
ነጠላውን አራገፈች፣ ሳታይ አጠፈችው
በሦስት፣ ዘርፉን ወደ ውስጥ። እጇ ለምዶት ነው።

ወደ ኋላ ገለጥሁ። ገጽ አራት ላይ፦
«በሦስት የታጠፈ፣ ድንጋይ ከበላይ።»

ስንት ሚስት ታጥፋለች እንዲህ? ሁሉም፣ ምናልባት።
ዝናቡም አባራ፣ ዳኛው ሄዱ ወደ ቤት።
መዝገቡን ልዘጋ ብዕሬን አነሣሁ፤
ሦስት ነጥብ ጣልሁ፣
አራተኛውን ረሳሁ