ገመድ ያዥ

ዝናብ ሥራ ፈትቶ በማያድርበት አገር፣
ቤት በእንጨት እግሩ ባሕር ውስጥ ሲገተር፣
ቺሎዌ ደሴት ላይ፣ ካስትሮ ወደብ ዳር፣
ኤዱቪና ካርካሞን አገለግል ነበር።

ደመወዜ ድንች ነው፤ ሥራዬ ገመድ መያዝ፤
እሷ ጫፉን ይዛ ጭጋግ ውስጥ ስትጓዝ፣
እኔ ሌላውን ጫፍ ጨብጬ መፍዘዝ።
"ኤላዲዮ፣ ስማ! ሁለቴ ከሳብኩት
ደህና ነኝ ማለት ነው፤ ገመዱን ጨምርበት።
ሦስቴ ከሳብኩት ግን፣ ለምን አትበለኝ፤
ባለህ ጉልበት ሁሉ ጎትተህ አውጣኝ።"
የጠላቂዎች ቋንቋ ነው፤ ከወንድሟ የተማረችው።

አጭር አሮጊት ናት፤ የወንድ ቦቲ ታደርጋለች፤
ኪሷ ውስጥ ስድስት ሰዓት አለ፣
አንዱም ካንዱ የማይስማማ።

የምትለካው ግን መሬት አልነበረም፤
የግጦሽ ድንበርም፣ የወንዝ ጥልቀትም።
ቀን ያነከሰበትን፣
ሰዓት ከሰዓት ጋር የተኳረፈበትን፣
ነገ መንገድ ስቶ ዛሬ የገባበትን፣
በቀይና በሰማያዊ ወረቀት ላይ ታሰፍራለች፤
እርሳሷን በአሣ ቢላዋ ትቀርጻለች፤
ካርታው ከሩቅ ይሸታል።

ዳልካሁዌ ገበያ፣ ከሽንኩርት ሻጯ ጎን፣
አራት ደቂቃ ይጎድላል ሁልጊዜ እሑድ ቀን።
ሻጯም ታውቀዋለች፤ "ከሚዛኔ ሰሃን ላይ
የሚሰርቅ ሌባ አለ፣ እጁ የማይታይ"
እያለች ትራገማለች።

ጀልባ መጠበቂያው አግዳሚ ወንበር ላይ
ተሲያት ሁለቴ ይመጣል፤
ያው ውሻ ያንኑ ማዛጋት ደግሞ ያዛጋል።
ከቤተ ክርስቲያኑ ጣራ፣ ደወሉ ሳይመታ፣
ርግቦች ይነሣሉ ደንግጠው ለአንድ አፍታ።

ሰዓቶቿን አታምንም። ሰው ነው የምትጠይቀው፦
"ሻይሽ መቼ በረደ? ልጅሽስ መቼ ነው
በድንገት የረዘመው? ያ የጥርስ ሕመም ሌሊት
ስንት ሌሊት ነበር?"
ሰዉ ይስቅባት ነበር፤
ይመልስላትም ነበር።

ከሳንቲያጎ አንድ ጊዜ ሁለት ምሁራን መጡ፤
ጫማቸው ጭቃ ጠልቶ፣ ካርታዋ ፊት ተቀመጡ።
አንዱ "ይህ ሳይንስ አይደለም" አለና ባርኔጣውን አነሣ።
ሌላው የእጅ ሰዓቱን አየ። ነቀነቀው። ጆሮው ላይ አደረገው።
ምንም ሳይል ወጣ።

ካርታው ሲያልቅ፣ መሃሉ ላይ፣ ጥፍር የምታህል
ነጭ ቦታ ተረፈች። የገዛ ቤቷ ነው።
"ማዕድ ቤትሽስ?" አልኳት። "እዚያ ጊዜ ደህና ነው"
አለችኝ ቶሎ ብላ።
ቶሎ ማለቷን ነው የጠረጠርኩት።

በግንቦት አንድ ማታ፣ ሳል አልጋ ላይ ጥሏት፣
እርሳስ አምጣ ብላኝ ገባሁ ማዕድ ቤት።
ሳህን ሁለት። ሹካ ሁለት። ካንዱ ሳህን እንፋሎት ይወጣል።
አንዱ ወንበር ወደ ኋላ ተስቧል፣
አሁን ሰው የተነሣበት ይመስል።
ወለሉ ረጥቧል። በጣቴ ነካሁና ቀመስኩት፤
ጨው ነው።

ወንድሟ ኖልቤርቶ፣ ዛጎል ለቃሚው ጠላቂ፣
ከጠለቀ ሠላሳ አንድ ዓመቱ።
ገመዱ ባዶውን ወጣ። "ቀረ" አሉ፤ ተለቀሰ።
ቀረ!
ያልመጣም ሰው ቀረ ነው የሚባለው፤
ያልሄደም ሰው ቀረ ነው የሚባለው፤
አንዲት ቃል ናት፤ በሯ ወዲህም ወዲያም ይከፈታል፤
ይህች ሴት በየትኛው በኩል ቆማ ኖራ ይሆን?

እሷ ስታንኮራፋ ገመዱን ካንጠልጠያው አወረድኩ፤
አንዱን ጫፍ ከባዶው ወንበር እግር ጋር አሰርኩ፤
ሌላውን ይዤ፣ በሩን ገርበብ አድርጌ፣ ዝናቡ ውስጥ ወጣሁ።
አሥራ ሁለት ክንድ ቆጠርኩ።
ለመጀመሪያ ጊዜ ለኪው እኔ ሆንኩ።

ተወጠረ።
አንዴ።
ሁለቴ።

ሸሚዜ ገላዬ ላይ እስኪጣበቅ ጠበቅኩ፤
የዓሣ አጥማጆቹ ፋኖስ አንድ ባንድ እስኪጠፋ ጠበቅኩ፤
ሦስተኛው ቀረ።

ገመዱን ጨመርኩለት።